አስቀድሞ አባቱ ይጠየቅ

ከግሪክ አማልክት ስለሚወለዱ ታዳጊዎች የሚተረከው ሁሉ ዛሬ አንድ መልክ ይዟል። ልጁ አሥራ ሁለት ዓመት ገደማ ሲሞላው ከወዴት እንደመጣ የማያውቀው ኃይል ይነሣበታል፤ ሲናደድ ቧንቧ ይፈነዳል፣ ሲደነግጥ ምድር ትንቀጠቀጣለች። ቀጥሎ አሠልጣኝ ያገኛል፣ ንዴቱን ዋጥ ማድረግ ይለምዳል፣ ኃይሉን በልኩ ማውጣት ይችላል፣ ጀግና ይባላል። ፊልም ሠሪውም፣ መጽሐፉን ለልጁ የሚገዛው ወላጅም፣ ስለ መጽሐፉ አስተያየት የሚጽፈውም የታሪኩ ቁም ነገር ምንድን ነው ሲባሉ መልሳቸው አንድ ነው፤ ራስን መግዛት። ኃይል የተሰጠው ልጅ ኃይሉን ይግራ፤ ካልገራው ጥፋቱ የራሱ ነው።

በዚህ አረዳድ አልስማማም። ለልጆች አይበጅም ማለቴ በኋላ ይመጣል፤ መጀመሪያ ነገር ለታሪኮቹ ታማኝ አይደለም። የጥንቶቹ ግሪኮችና ሮማውያን እንደጻፏቸው ብናነባቸው፣ አሜሪካዊው ሪክ ሪዮርዳንም እ.ኤ.አ. ከ2005 ጀምሮ በ«ፐርሲ ጃክሰን» መጻሕፍቱ እንዳደሳቸው ብናያቸው፣ ልጁን «ለምን አልተቆጣጠርኸውም?» ከማለታቸው በፊት አባቱን «አንተስ የት ነበርህ?» ይሉታል። ኃይሉ የልጁ ሥራ አይደለም፤ ሳይጠይቅ በደሙ የገባበት ነገር ነው። ክሱ መነሣት ያለበት ከሰጪው ነው።

የተለመደው አረዳድ ዋና ምስክር አድርጎ የሚያቆመው ፋኤቶንን ነው፤ የፀሐይ አምላክን ልጅ፣ የአባቱን ሠረገላ ለአንድ ቀን ልንዳ ብሎ ዓለምን ያቃጠለውን ወጣት። ሲያሳጥሩት ልጁ ለመነ፣ አባት መከረ፣ ልጅ አልሰማም፣ ሞተ ይሉታል። ምክር አልሰማ ያለውን መከራ ይመክረዋል፤ አለቀ። ስለ ወጣት ትዕቢት ለመጻፍ የሚነሣ ሁሉ ይህን ልጅ ሳይጠራ አያልፍም።

ሮማዊው ባለቅኔ ኦቪድ በ«ሜታሞርፎሲስ» የጻፈውን ዝርዝር ያየ ሰው ግን እንዲህ በቀላሉ አይፈርድም። ነገሩ የጀመረው በስድብ ነው። ኤፓፎስ የሚባል እኩያው፣ እሱም የአምላክ ልጅ፣ ፋኤቶንን እናቱ ያለችውን ሁሉ የሚያምን ሞኝ አድርጎ ሰደበው፤ ፀሐይ አባትህ አይደለም አለው። ፋኤቶን አልተደባደበም። ፊቱ በኀፍረት ቀልቶ ወደ እናቱ ወደ ክሊሜኔ ሄደና ማረጋገጫ ስጪኝ አላት። እሷም ወደ ፀሐይ እጇን ዘርግታ ማለች፤ ካላመንህ ሂድና ራሱን ጠይቀው፣ ቤቱ ሩቅ አይደለም ብላ ሰደደችው። ያደገው በእንጀራ አባቱ በሜሮፕስ ቤት ነው፤ ሜሮፕስ ደግሞ የኢትዮጵያውያን ንጉሥ ነው። (የግሪኮቹ ኢትዮጵያ በካርታ የዛሬዋ አይደለችም፤ በዚህ ታሪክ ፀሐይ ከምትወጣበት አጠገብ ያለች የዓለም ዳርቻ ናት። ቢሆንም ኦቪድ የኢትዮጵያውያን ቆዳ የጠቆረው ያን ዕለት ነው ተብሎ ይታመናል ይለናል። አንድ አባት ልጁን ባለመያዙ የኛ መልክ ተለወጠ ማለት ነው፤ ካሳ የጠየቀ የለም እንጂ።)

ልጁ ቤተ መንግሥቱ ደረሰ። አባትየው ዓይን የሚያጠፋውን የጨረር አክሊሉን አውልቆ አቀፈው፣ ልጄ ነህ አለው። እዚህ ላይ ቢቆም ኖሮ ታሪኩ ባማረ ነበር። ልጁ የለመነው አንድ ምልክት ነው፤ ሰው የፀሐይ ልጅ ነው ብሎ እንዲያምነው የሚያደርግ ነገር። አባት ግን የፈለግኸውን ጠይቅ፣ ምንም ይሁን ምን አልከለክልህም ብሎ በስቲክስ ወንዝ ማለ። በስቲክስ የማለ አምላክ ቃሉን ማጠፍ አይችልም። ልጁ ምን እንደሚጠይቅ ሳያውቅ፣ ዕድሜውን ሳያይ፣ ለዘመናት ጠፍቶ የቆየበትን በአንዲት መሐላ ሊክስ ፈለገ።

ፋኤቶንም ሠረገላውን ጠየቀ። ሌላ ምን ሊጠይቅ ኖሯል? የሰደበው ልጅ ቀና ብሎ የሚያየው ነገር እሱ ብቻ ነው። ምክሩ የመጣው ከዚህ በኋላ ነው፤ ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ። አባትየው ይህን ሠረገላ የአማልክት አለቃ እንኳ ሊነዳው አይችልም ይለዋል፤ አንተ ሟች ነህ፣ የጠየቅኸው የሟች ነገር አይደለም ይለዋል። ይህን ሁሉ ያውቅ ነበር ማለት ነው። እያወቀ ግን የልጁን ፊት እሳት እንዳይፈጀው ቅባት ቀባው፣ አክሊሉን በራሱ ላይ ደፋለት፣ ሊነጋ ሲል ትምህርቱን በጥቂት ቃላት ጨረሰለት፦ አለንጋ አታብዛ፣ ዛቡን ጠበቅ አድርግ፣ ከፍም ዝቅም አትበል፣ መካከሉን ሂድ።

አራቱ ፈረሶች ገና ሲወጡ ሠረገላው እንደወትሮው እንዳልከበደ ዐወቁ። የልጁ ደም የፀሐይ ቢሆንም ክብደቱ የሰው ነበር። ወደ ግራም ወደ ቀኝም መሳብ የጀመሩት ያን ጊዜ ነው እንጂ ልጁ ስለተበሳጨ ወይም ስለታበየ አይደለም። ኦቪድ በዚህ መካከል ብዙ አንባቢ ሳያየው የሚያልፈው አንድ ነገር ጣል ያደርጋል፤ ፋኤቶን ዛቡን ይልቀቀው ይያዘው ግራ ገብቶት ሳለ ፈረሶቹን በስማቸው ሊጠራቸው አልቻለም፤ ስማቸውን አያውቅም። አንባቢው ያውቃቸዋል፤ ፒሮይስ፣ ኤዎስ፣ ኤቶን፣ ፍሌጎን ተብለው ተዘርዝረውልናል። አባት ስለ መንገዱ፣ ስለ ከዋክብቱ፣ ስለ አደጋው ተናገረ፤ የፈረሶቹን ስም ለልጁ አልነገረም። ይህን ልጅ ራሱን አልገዛም ብሎ የሚከሰው ሰው እስቲ የትኛውን ራሱን መግዛት እንደነበረበት ያሳየኝ።

ከዚያ ጊንጡ ኮከብ ታየው፣ ደነገጠ፣ ዛቡ ከእጁ ወደቀ። ተራሮች ነደዱ፣ አባይ ፈርቶ ራሱን ደበቀ፣ ምድር ጮኸች፤ በመጨረሻም መብረቅ ተወርውሮ ልጁ ኤሪዳኖስ ወንዝ ውስጥ ወደቀ። ዓለምን ለማዳን የተገደለው እሱ ነው። አባትየውስ? ፊቱን ከልሎ አንድ ቀን ጨለማ ሆነ፤ ከእንግዲህ አልነዳም ብሎ አኮረፈ፤ ለመኑት፣ አስፈራሩት፤ በመጨረሻ ፈረሶቹን ሰብስቦ በአለንጋ ገረፋቸው፣ ልጄን የገደላችሁት እናንተ ናችሁ እያለ። ኦቪድ አስተያየት አይጨምርም፤ አያስፈልገውምም። አባት ፈረሶቹን ይከስሳል፣ የኛ ዘመን አንባቢ ልጁን ይከስሳል፣ የማለው ሰውዬ መሐል ላይ በነጻ ይወጣል።

መንጃ ፈቃድ ለሌለው ልጁ የሲኖትራክ ቁልፍ ሰጥቶ በመስኮት በኩል «ቀስ ብለህ ንዳ» ያለ አባት ቢኖር፣ መኪናው ገበያ ጥሶ ሲገባ ትራፊክ ፖሊሱ መጀመሪያ የሚጠይቀው ቁልፉን ማን እንደሰጠው ነው። ይህን ለመጠየቅ ፈላስፋ መሆን አያሻም።

አማልክት እንደ ሰው አይደሉም፣ ተረት በሰው ሚዛን አይመዘንም የሚለኝ ይኖራል። ይሁን። እነዚህን ተረቶች እየሰሙ ያደጉት ሰዎች የገዛ ልጆቻቸውን እንዴት ይይዙ እንደነበር ግን ተጽፎልናል። በአሪስቶትል ስም በሚታወቀው «የአቴናውያን ሥርዓተ መንግሥት» ውስጥ፣ ከክርስቶስ ልደት በፊት በአራተኛው መቶ ዓመት አንድ አቴናዊ 18 ዓመት ሲሞላው ምን እንደሚደረግ ተዘርዝሯል። ልጆቹ ከተመዘገቡ በኋላ አባቶቻቸው በየነገዳቸው ተሰብስበው ይምላሉ፤ ምለውም ከነገዳቸው ዕድሜያቸው ከ40 ያለፈ፣ ለልጆች ጥበቃ ይበቃሉ ያሏቸውን ሦስት ሰዎች ይመርጣሉ፤ ሕዝቡ ደግሞ ከሦስቱ አንዱን ይሾማል። ወጣቶቹ የመጀመሪያውን ዓመት በፒሬዎስ ወደብ ዘብ ሆነው በከባድ ትጥቅ መዋጋትን፣ ቀስትን፣ ጦር ውርወራን፣ የድንጋይ መወርወሪያን ከአሠልጣኞች ይማራሉ። ዓመቱ ሲያልቅ የተማሩትን በቲያትሩ ለሕዝቡ ጉባኤ ያሳያሉ፤ ጋሻና ጦሩን ከከተማዋ የሚቀበሉት ያን ጊዜ ነው።

እዚህም መሐላ አለ፣ ግን የሚምለው ኃላፊነት የሚወስደው ነው። እዚህም መሣሪያ ይሰጣል፣ ግን ከትምህርቱ በኋላ። አቴናውያን ስለ ራስ መግዛት ከማንም በላይ ያወሩ ሰዎች ናቸው፤ ያም ሆኖ ራስን መግዛት በልጁ ሆድ ውስጥ ብቻውን ይበቅላል ብለው አልተዉትም። የጎልማሳ ሥራ አደረጉት፤ ሹም ሾሙለት።

አሁን ወደ ሄራክለስ፣ ሮማውያን ሄርኩለስ ወዳሉት። «ልጁ ሥልጠና ብቻ ነው የጎደለው» ለሚሉ ይህ ልጅ ትልቅ ችግር ነው፤ ምክንያቱም በግሪክ ተረት ውስጥ እንደሱ የተማረ ልጅ ማግኘት ይቸግራል። በአፖሎዶረስ ስም የተላለፈው የተረት ስብስብ አስተማሪዎቹን አንድ በአንድ ይቆጥራል፤ ትግል ከአውቶሊኮስ፣ ቀስት ከኤውሪቶስ፣ በመሣሪያ መዋጋት ከካስቶር፣ ክራር ከሊኖስ። ሠረገላ መንዳት ያስተማረው ደግሞ አምፊትሪዮን ነው፤ የእናቱ ባል፣ የእንጀራ አባቱ፣ ተራ ሰው። ፀሐይ ለአብራኩ ክፋይ በጥቂት ቃላት የጨረሰውን ትምህርት ይህ ሰው የሌላ ልጅ ለሆነው ቁጭ ብሎ አስተማረው። እውነተኛ አባቱ፣ የአማልክት አለቃ ዜውስ፣ ከአስተማሪዎቹ ዝርዝር ውስጥ የለም።

ሄራክለስ መምህሩን ሊኖስን በክራር መትቶ ገደለው፤ ይህን አልሸሽግም፣ ኃይል አስፈሪ ነገር ነው። ሊኖስ አስቀድሞ መትቶታል። ልጁ ለፍርድ ሲቀርብ የራዳማንቲስን ሕግ ጠቅሶ ተከራከረ፤ ያለ አግባብ የተመታ ሰው ቢከላከል አይጠየቅም የሚለውን። ነጻ ወጣ። አምፊትሪዮን ግን ነገሩ እንዳይደገም ፈርቶ ከብት ጥበቃ ሰደደው። በቁጣ ሰው የገደለና በችሎት ፊት ረጋ ብሎ ሕግ የሚጠቅስ ልጅ በአንድ ቆዳ ውስጥ አሉ፤ «መቆጣጠር ያልቻለ» የሚለው መለያ ለዚህ ልጅ በጣም ይጠብበዋል። አምፊትሪዮንም ራስህን ግዛ ብሎ አልመከረውም፤ ቦታ ቀየረለት።

ከዚህ ሁሉ በኋላ ደግሞ የሄራክለስ ትልቁ ጥፋት፣ ሚስቱንና ልጆቹን በገዛ እጁ መግደሉ፣ ከውስጡ የመጣ እንዳልሆነ ዩሪፒደስ በተውኔቱ በግልጽ ያሳያል። እብደቱን የላከችው የዜውስ ሚስት ሄራ ናት። እብደት ራሷ፣ ሊሳ ተብላ በመድረክ ላይ የምትቆመው፣ ይህ ሰው ምንም አልበደለም፣ አልፈልግም ብላ ትሟገታለች፤ አስገድደው ያስገቧታል። በዚያው ተውኔት አምፊትሪዮን ወደ ሰማይ አንጋጦ ዜውስን ይወቅሰዋል። እኔ ሟቹ በምግባር በለጥሁህ፣ የሄራክለስን ልጆች አልከዳሁም ይለዋል፤ አንተ በስርቆት ወደ ሰው አልጋ መግባት ታውቅበታለህ፣ የራስህን ሰዎች ማዳን ግን አታውቅም ይለዋል። የእንጀራ አባት የእውነተኛውን አባት በአደባባይ የሚከስበት እንዲህ ያለ ቦታ እያለ ሄራክለስን የቁጣ ምሳሌ ብቻ አድርጎ ለልጅ መተረክ ድፍረት ነው።

ራስን የመግዛት ፍልስፍና ግን ከሁሉ በላይ የሚፈርሰው በሂፖሊተስ ነው፤ ለዚህም ይመስለኛል ማንም ለወጣቶች የማይተርከው። ዩሪፒደስ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ428 ለመድረክ ባበቃው ተውኔት ሂፖሊተስ የቴሲየስ ልጅ ነው፤ ቴሲየስ ደግሞ የፖሲዶን ልጅ። በግሪክ ተውኔቶች ውስጥ ስለ ራሱ ንጽሕና እንደዚህ የሚመካ፣ ምኞቱን እንደዚህ የዘጋ ወጣት አላውቅም። ፈረስ አያያዝም ያውቅበታል። የእንጀራ እናቱ በሐሰት ከሰሰችው፤ አባቱ ሳይመረምር፣ ሳይጠይቅ፣ ከባሕር አምላኩ ከአባቱ የተሰጡትን ሦስት እርግማኖች አንዱን በልጁ ላይ አዋለ። ከባሕሩ በሬ ወጣ፣ ፈረሶቹ ደነበሩ። ሂፖሊተስ ዛቡን አልጣለም፤ ወደ ኋላ ተለጥጦ ሳበ፣ የሚችለውን ሁሉ አደረገ። ሠረገላው ተሰባብሮ በዛቡ ተጠላልፎ ድንጋይ ለድንጋይ ተጎተተ።

ፋኤቶን ዛቡን ጥሎ ሞተ፤ ሂፖሊተስ ዛቡን ይዞ ሞተ። የወረሰውን መለኮታዊ ኃይል መቆጣጠር ያቃተው በሂፖሊተስ ታሪክ ውስጥ አንድ ሰው ብቻ ነው፤ እሱም ጢም ያወጣው፣ ንጉሡ፣ አባትየው ነው።

ሪዮርዳንን ለማንበብ ከዚህ በኋላ ይቀላል። ሰውዬው ከደራሲነቱ በፊት ለአሥራ አምስት ዓመታት መምህር ነበር። ታሪኩን የጀመረው ለልጁ ማታ ማታ ሲተርክለት ነው፤ ልጁ ማንበብ የሚቸግረው፣ ትኩረቱን ሰብስቦ መቀመጥ የሚያቅተው ነበር። የመጻሕፍቱ ጀግና፣ የባሕር አምላኩ የፖሲዶን ልጅ ፐርሲም እንዲሁ ነው፤ አሥራ ሁለት ዓመቱ፣ በስድስት ዓመት ስድስት ትምህርት ቤት የቀያየረ፣ ፊደል የሚደንስበት፣ እጁን ማሳረፍ የማይችል። «ራስህን ግዛ» የሚለውን ቃል ሲሰማ ያደገ ልጅ ቢኖር ይህ ነው። ደራሲው ያደረገው ነገር ቀላልና ትልቅ ነው፤ ዓይንህ የተሠራው ለጥንት ግሪክኛ ነው፣ አለማረፍህም የጦር ሜዳ ንቃት ነው አለው። ጉድለት የተባለውን ነገር ከአባትህ የመጣ ነው ብሎ ባለቤቱን አሳወቀ።

ብዙ ሰው ስለነዚህ መጻሕፍት ሲያወራ ትዝ የሚለው ሽንት ቤቱ ነው። ፐርሲ የአማልክት ልጆች የሚሠለጥኑበት ካምፕ እንደደረሰ አንዲት ጉልበተኛ ልጅ ጭንቅላቱን መቀመጫው ውስጥ ልትደፍቀው ስትል ቧንቧዎቹ ሁሉ ፈነዱ፤ እሱ ብቻ ደረቅ ሆኖ ቀረ። ከዚያ ጀምሮ አምስት መጽሐፍ ሙሉ ውኃን ማዘዝ ተማረ፣ በሰል አለ፣ አሸነፈ ይላሉ። በአንባቢዎች መካከል ማን ከማን ይበረታል የሚለው ክርክርም አያልቅም። ይህ ሁሉ ሲሆን ግን ከሽንት ቤቱ ጥቂት እርምጃ ራቅ ብሎ ያለው ቤት ይረሳል። የሄርሜስ ቤት ነው። አባታቸው ወይም እናታቸው ልጄ ነህ ያላሏቸው ልጆች የሚታጎሩት እዚያ ነው፤ አልጋ ስለሞላ መሬት ላይ አንጥፈው ይተኛሉ። አንዳንዱ እዚያው ያድጋል። በየማታው ምድጃ ዳር ለአማልክት ምግብ ይሠዋሉ፤ የሚሠዉለትን አባት አያውቁትም።

የዚያ ቤት አለቃ ሉክ ነው፣ የሄርሜስ ልጅ፣ በሦስት መቶ ዓመት ውስጥ እንደሱ ያለ ሰይፈኛ አልታየም የተባለለት። በካምፑ ውስጥ እጁንም ንዴቱንም እንደሱ የሚያዝ ታዳጊ የለም፤ ፐርሲን ያሠለጠነውም እሱ ነው። በአማልክት ላይ ያመፀውና የዜውስን አባት ክሮኖስን ሊያነግሥ የተነሣውም ያው ሉክ ነው። እንግዲህ ሥልጠናው ምን ጎደለው? ምንም። እናቱ አእምሮዋን ስታለች፣ አባቱ ጥሎት ሄዷል፣ አባቱ አንድ ጊዜ ብቻ ሥራ ሰጥቶት ከዚያ ሥራ ፊቱ ላይ ጠባሳ ይዞ ተመልሷል። ተከታታዩን ሁሉ የሚያንቀሳቅሰው ይህ ቂም ነው። ኃይሉን ስላልገራ ያጠፋ ልጅ ታሪክ ቢሆን ኖሮ ጠላቱ ያልሠለጠነ ልጅ በሆነ ነበር።

ሪዮርዳን ከዚህም ያልፋል። እ.ኤ.አ. በ2013 በወጣው «የሐዴስ ቤት» ውስጥ ፐርሲ ከጓደኛው ከአናቤት ጋር ታርታሩስ የተባለው የሙታን ዓለም ጥልቅ ውስጥ ገብቶ የመከራ አምላክ የምትባለዋን አክሊስን ይገጥማል። መርዟን ያዝዘዋል፤ ወደ ራሷ ይመልሰዋል፤ እንባዋን ሳይቀር ያሸንፋል። ይህ ልጅ ኃይሉን እንደዚህ ቅጥ አድርጎ፣ እንደዚህ ቀዝቅዞ የያዘበት ሌላ ጊዜ የለም። አናቤት አቁም ብላ ትለምነዋለች፤ ፈራችው። ቧንቧ ያፈነዳው የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ማንንም አላስፈራም፤ አስቆን ነበር። ፍጹም መቆጣጠር በራሱ በጎ ነገር ነው የሚሉ ሰዎች ይህን ምዕራፍ ዳግመኛ ያንብቡት።

ታዲያ ልጁ ከጥፋት ሁሉ ነጻ ነው ማለትህ ነው? አይደለም። የነደደው ሜዳ ነደደ፤ ሊኖስም ሞቷል። ሪዮርዳንም ሉክን በምሕረት አላለፈውም፤ ከዳተኛ ሆኖ ኖረ፣ መጨረሻ ላይ ክሮኖስን ለማስቆም በገዛ እጁ ሞተ። የኔ ጥያቄ ስለ ቅደም ተከተል ነው። ልጅ የሚጠየቀው የሰጡትን ነገር ስሙን ከነገሩት፣ ከጎኑ ተቀምጠው አብረውት ከነዱ በኋላ ነው። የተለመደው አረዳድ ይህን ደረጃ ይዘለዋል፤ ለምን እንደሚዘለውም ግልጽ ነው። ራስህን ግዛ ማለት ተናጋሪውን ምንም አያስወጣውም። ጊዜ አይጠይቅም፣ ይቅርታ አይጠይቅም፣ ማታ ቤት መግባት አይጠይቅም። ለዚህም ነው ትምህርት ቤቱም፣ ወላጁም፣ ፊልም ሠሪውም ሳይጣሉ የሚስማሙበት።

በአምስተኛው መጽሐፍ፣ እ.ኤ.አ. በ2009 በወጣው፣ ጦርነቱ ሲያልቅ አማልክት ፐርሲን አምላክ እናድርግህ ይሉታል። እንቢ ይላል። በምትኩ ግን ምኞቱን ሳይናገር አስቀድሞ በስቲክስ ያስምላቸዋል፤ የፋኤቶን አባት ዓይነት መሐላ፣ ምን እንደሚጠየቁ ሳያውቁ። የጠየቃቸውም ልጆቻቸውን ሁሉ አሥራ ሦስት ዓመት ሳይሞላቸው ልጄ ነህ እንዲሉ፣ የትናንሾቹ አማልክት ልጆችም ቤት እንዲኖራቸው ነው። የሄርሜስ ቤት ወለል ላይ ሰው እንዳይተኛ። አሥራ ስድስት ዓመቱ ነው። ስለ ኃይሉ አንድ ቃል አልተናገረም።

ይህ የሪዮርዳን ፈጠራ ብቻ ነው ለሚል ዩሪፒደስን አንድ ጊዜ ልጥራና ላብቃ። «ኢዮን» በሚለው ተውኔት አፖሎ የአቴናን ንጉሥ ልጅ ክሬውሳን በዋሻ ደፈራት፤ ሕፃኑ እዚያው ዋሻ ተጣለ፤ በኋላ ዴልፊ አድጎ የአባቱን መቅደስ በሎሬል ቅጠል የሚጠርግ፣ ወፎች እንዳያቆሽሹት የሚያባርር አገልጋይ ሆነ፣ የማን መቅደስ እንደሚጠርግ ሳያውቅ። ይህ ልጅ ስለ አምላኩ ሥራ የሰማ ጊዜ በቁጣ አልፈነዳም፤ እንደ ዳኛ አሰበ። አማልክት በሰው ሕግ ለደፈሯቸው ሴቶች ካሳ ቢከፍሉ የቤተ መቅደሶቻቸው ገንዘብ አይበቃቸውም አለ። እውነቱ ሊወጣ ሲል አባቱ ይመጣል ብለን እንጠብቃለን። የመጣችው ሴቷ አምላክ አቴና ናት። አፖሎ ስላለፈው ነገር ወቀሳ እንዳይነሣበት ብሎ መምጣቱን አልወደደም ትላለች።

ሪዮርዳን እ.ኤ.አ. በ2016 ወደዚሁ አምላክ ተመለሰ። ዜውስ ቀጥቶት አፖሎ ሌስተር ፓፓዶፑሎስ የሚባል፣ ብጉር የወረሰው፣ አሥራ ስድስት ዓመት የሆነው ተራ ልጅ ሆኖ ኒው ዮርክ ቆሻሻ ላይ ይወድቃል። ኃይሉ የለም። ካምፑ ሲደርስ የሚያድርበት ቤት የገዛ ልጆቹ ቤት ነው፤ ዕድሜያቸው ከሱ ብዙ የማይርቅ ልጆች አልጋ ያነጥፉለታል። ቀስቱ እንደ ድሮው አልታዘዝ ሲለው አፍሮ፣ ዳግመኛ አምላክ እስክሆን ቀስት አልነካም ብሎ እሱም ሳያስብ በስቲክስ ይምላል። ከዚያ ከልጆቹ ሁለቱ ይጠፋሉ። ሌላ የሚልከው አምላክ የለም፤ ሌስተር ራሱ ጫካ ይገባል፣ ሊፈልጋቸው፣ መሐላውንም እዚያው ያፈርሳል።